ወንድሜ ልብ የለውም የተባለ ጊዜ

የአማርኛን ልብ ያህል ሥራ የበዛበት የሰውነት ክፍል ያለ አይመስለኝም። በሌላው ቋንቋ እንዴት እንደሆነ እንጃ፤ በእኛ ግን ደም መርጨት የትርፍ ሰዓት ሥራው ነው። የሚነገረንን «ልብ በሉ» እንባላለን። ደፋሩ ልበ ሙሉ ነው፣ የነገሩትን የሚረሳው ልበ ቢስ፣ ነዝናዛው ደግሞ ልብ አውልቅ። ኩራተኛውን «ልቡ አብጧል» እንለዋለን፤ ሰውየው ግን ለዚህ ብሎ ሐኪም ቤት ሲሄድ አላየሁም። ከሁሉም የሚገርመኝ «ልብ ግዛ» የምትለዋ ምክር ናት። ዕድሜ ልኬን ስመከር ኖሬ ሱቁን ያሳየኝ ሰው የለም።

ነገሩን ያነሣሁት በቀደም ዕለት ከጎረቤቴ ጋር ደረጃ ላይ ተገናኝተን ነው። ልጇን ሐኪም ቤት ወስዳ መመለሷ ነው፤ ፊቷ ልክ አይደለም። «ኤዲኤችዲ ሊሆን ይችላል ተባለ» አለችኝ። ስሙ ለኔ የባንክ ነው የመሰለኝ። ትኩረት ማጣት፣ መቁነጥነጥ፣ የጀመሩትን አለመጨረስ መሆኑን አስረዳችኝ፤ እሷ ስታስረዳኝ ልጁ በመሃላችን ደረጃውን ሲወጣና ሲወርድ ነበር። በሽታው የለም አልልም። አለ፤ ያለበትም ሰው መከራውን ያያል። የኔ ጥያቄ ያለበት ማን ነው የሚለው ነው። እንቅልፍ ያጣ ልጅም ይቁነጠነጣል። ጆሮው በደንብ የማይሰማም ሲጠሩት አይመልስም። ቤቱ ውስጥ ጠብ ያለበት ልጅ ደብተሩ ላይ አፍጥጦ አንድ መስመር አያነብም። እነዚህን ሁሉ በአንድ ስም መጥራት ይቻላል፣ ይጠራሉም። በሌላ በኩል ደግሞ መስኮት ሥር ዝም ብላ ተቀምጣ በሐሳቧ ሌላ አገር የምትዞር ልጅ አለች። እሷን ሐኪም ቤት የሚወስዳት የለም፤ ጨዋ ናታ! ስታድግ ቁልፏን ትጥላለች፣ ወጥ ታሳርራለች፣ አሥር ሥራ ጀምራ አንዱንም ከዳር አታደርስም። ያኔ ስም ይወጣላታል፤ ዝርክርክ።

እንደታዘብኩት ከሆነ ሰው በሽታ የሚያገኘው እጁ ላይ ካለው መድኃኒት ተነሥቶ ነው። ዱላ የያዘ ጥጋብ ያገኛል፣ ጠበል የያዘ ጋኔን ያገኛል፣ ክኒን የያዘም ክኒን የሚሻ ነገር አያጣም። ይህን ከመጽሐፍ አልተማርኩትም። ዲላ ላይ ከወንድሜ ከታረቀኝ ጋር ሳድግ ያየሁት ነው።

የዛሬዋን ዲላ ለምታውቁ የደርግ ጊዜዋን ላስታውሳችሁ። ከጥቅምት ጀምሮ ከተማዋ ቡና ቡና ትሸት ነበር። የተፈላ ቡና ማለቴ አይደለም፤ ቀዩ እሸት ቡና ተፈልፍሎ ገለባው ሲከመርና ሲቦካ የሚመጣውን፣ ጣፈጥም ኮምጠጥም የሚለውን ሽታ ነው የምላችሁ። የጭነት መኪኖቹ ከጨለለቅቱና ከፍስሐ ገነት በቀይ ጭቃ ተለውሰው ይመጡና መንገዱ ዳር ይደረደራሉ፤ እኛም ከትምህርት ቤት ስንመለስ ሾፌሮቹ እስኪያባርሩን በየጎማው መሃል እንሽሎከለካለን። ቀን ዝናብ ነው፣ ሲመሽ የቀበሌ ስብሰባ። ሰልፍ ደግሞ በትንሽ በትልቁ። ስብሰባው ናፍቆኝ አያውቅም። ሽታው ግን ዛሬም ይናፍቀኛል፤ ኮምጣጤ ስከፍት አንዳንዴ ሳላስበው ጠርሙሱን ይዤ ቆሜ እቀራለሁ።

ታረቀኝ በሦስት ዓመት ይከተለኛል። ያኔ አራተኛ ክፍል ነበር። ጨው ግዛ ተብሎ ይላካል፤ ወደ ማታ ላይ የብስክሌት ጎማ በዱላ እየነዳ ይመለሳል። ጨው የለም። ጎማውም የማን እንደሆነ አያውቅም። ምሳውን ቆሞ ነው የሚበላው። አንድ ወሬ ጀምሮ መሃል ላይ ሌላ ወሬ ካገኘ በዚያው ይነጉዳል፣ እኛም የመጀመሪያውን ወሬ መጨረሻ ሳንሰማ ዓመታት አልፈዋል። ዛሬም ቢሆን ስልኩን በዚያው በስልኩ መብራት የሚፈልግ ሰው ነው። ታዲያ ይኸው ልጅ ወደ ለገዳራ ወንዝ ሲወርድ፣ ሸርጣን ከድንጋይ ሥር እስኪወጣ ድረስ ከሰዓቱን ሙሉ ሳይነቃነቅ ይጠብቃል። የጎዳውም ይኸው ነበር። «አያችሁ፣ ሲፈልግ መቀመጥ ይችላል!» ይሉታል።

ሰፈራችን ሁሉ ሐኪም ነበር። ጎረቤታችን እትዬ ዘውዴ «ወስፋት ነው» ብለው በባዶ ሆዱ የዱባ ፍሬ አስበሉት፤ በመቁነጥነጡ ላይ ቁርጠት ተጨመረበት። ባለሱቁ ሐጂ ከማል «ስኳር አብዝታችሁበት ነው» አሉ። ስኳር በቀበሌ በሚታደልበት ዘመን! አንድ የሰልፍ ቀን ደግሞ ሕዝቡ ሁሉ ግራ እጁን ወደ ላይ ሲያነሣ ታረቀኝ ከሰልፉ ወጥቶ ቢራቢሮ ሲያባርር ታየ። የወጣት ማኅበሩ ኃላፊ እናቴን ለብቻዋ ጠርቶ «ይህ የአናርኪስት ዝንባሌ ነው» አላት። ዛሬ እንስቅ ይሆናል፤ ያኔ ይህ ቃል ሰው ቤት ገብቶ በቀላሉ የሚወጣ ቃል አልነበረም። አባቴ ከጎንደር የመጣ፣ ፍስሐ ገነት አንድ የቡና መግዣ ጽሕፈት ቤት ውስጥ የሚሠራና ቅዳሜ ቅዳሜ ብቻ ቤት የሚመጣ ሰው ነበር። የእሱ ምርመራ አጭር ናት። «ዱላ አንሶት ነው።»

እናቴ ብርቅነሽ ከዲላ ወጣ ብላ ያለችው የጪጩ ልጅ ናት። አፏን የፈታችው በጌዴኦ ቋንቋ ነው፤ አማርኛዋ የራሷ ብቻ ነበር። ወንዱን ሴት፣ ሴቱን ወንድ ታደርገዋለች። ታረቀኝ «አንቺ» ነው፣ እኔ «አንተ» ነኝ። ስህተት ይሁን ፍቅር እስከ ዛሬ አልለየሁትም። የከተማው ሰው ይስቅባታል፣ እሷም አብራ ትስቃለች። በቤት አያያዟም ቢሆን ስም ነበራት። ድስት ጥዳ ጨው ልትበደር ጎረቤት ትሄድና ወጡ አርሮ ሽታው እስኪጠራት ድረስ ትጫወታለች። ያጠበችውን ልብስ ዝናብ ደግሞ ያጥበዋል። አባቴ «ዝርክርክ» ይላታል፣ እሷም አትከራከረውም።

የታረቀኝ አስተማሪ መምህር ፈለቀ ይባሉ ነበር። ክፉ ሰው አልነበሩም፣ ይህን አደራ። ልጆች በአንዲት ዴስክ እንደ ሙዝ ተደርድረው በሚቀመጡበት ክፍል፣ ዝናብ ቆርቆሮውን ሲደበድበው የገዛ ድምፃቸው ለራሳቸው በማይሰማበት ክፍል ያስተምራሉ። የነበራቸው መሣሪያ ጠመኔና አርጩሜ ብቻ ነው። ለአርጩሜዋ ስም አውጥተውላታል፤ «ልብ ግዛ»። ሱቁን ያላገኘሁት እኔ ነኝ እንጂ ታረቀኝስ ደንበኛ ነበር።

አንድ ቀን እናቴ ትምህርት ቤት ተጠራች። እኔም በዚያው ግቢ ሰባተኛ ክፍል ስለነበርኩ በአማርኛው ላግዛት ብዬ አጠገቧ ቆምኩ። መምህሩ ነገሩን ሳያንዛዙ ነገሯት።

«ወይዘሮ ብርቅነሽ፣ መከርኩት፣ ተቆጣሁት፣ መታሁት። ልጁ ልብ የለውም። መቀመጫ ላጡ ልጆች ቦታውን ይልቀቅ። ከሰኞ ጀምሮ እንዳይመጣ።»

ይህ ምን ማለት እንደሆነ እቤታችን የማያውቅ የለም። አባቴ ቁርጡን ነግሮናል፤ ታረቀኝ ከትምህርት ቤት ከተባረረ ጪጩ አጎታችን ዘንድ ሄዶ ቡና ይሸከማል። የአጎቴን ልጆች አውቃቸዋለሁ። በዚያ መንገድ ከሄዱት አንዱም ተመልሶ ደብተር አልያዘም። ልጁ ቢያስመርረኝም ወንድሜ ነው፣ እሱ የሌለበትን ቤት ዝምታ ሳስበው ፈራሁ።

እናቴ ሁለት እጇን ደረቷ ላይ አደረገች።

«ወይኔ ልጄን! ልቧ የላትም?»

«ኧረ እንደዚያ ማለቴ ሳይሆን...» አሉ መምህሩ።

«መቼ ነው የታመመችው? ልብ ከሌላት በምን ቆማ ትሄዳለች?» ድምፅዋ ግቢውን ሞላው። «ጋሼ! የልብ በሽተኛ ነው እንዴ እስከ ዛሬ የምትመታው?»

በየበረንዳው የቆሙት አስተማሪዎች ሁሉ ዞር አሉ። እኔም አማርኛውን ላቃናላት ብዬ «እማዬ፣ ልብ የለውም ማለት እኮ...» ስል ክንዴን ቆነጠጠችኝ። ቁንጥጫዋ አጥንት ድረስ ነው የገባው። ከድንጋጤዋ ነው ብዬ ዝም አልኩ። መምህር ፈለቀ ክው ብለው አርጩሜዋን ከጀርባቸው ደበቁ። «እስቲ... እስቲ መጀመሪያ ሐኪም ይየው» አሉ። የሰኞው ነገር በዚያው ተንጠለጠለ።

ታረቀኝን ከክፍል አስወጥተን ከዚያው በቀጥታ ወደ ክሊኒክ ሄድን። ወረፋ ይዘን ተራችን ሊደርስ ሲል እናቴ ግንባሯን መታች። ነጠላዋን ረስታዋለች። መርሳት ልማዷ ስለሆነ ማናችንም አልገረመንም። «ታረቀኝ፣ ሩጪ! ነጠላዬን ከቤት አምጪልኝ፣ መንገድ ላይ እንዳትቆሚ!» አለችው። ሩጥ ተብሎ የተፈቀደለት የመጀመሪያ ቀኑ ሳይሆን አይቀርም፣ ተወነጨፈ። ዳገቱን ወጥቶ ነጠላውን አንገቱ ላይ ጠምጥሞ እያለከለከ ሲመለስና ስማችን ሲጠራ አንድ ሆነ።

የክሊኒኩን ድሬሰር፣ ቁስል አጣቢውንና መርፌ ወጊውን፣ ሁላችንም ዶክተር ነበር የምንላቸው። ማዳመጫቸውን ታረቀኝ ደረት ላይ አሳረፉና ቅንድባቸው ወደ ላይ ወጣ።

«ይሄ ልብ አይደለም፣ ከበሮ ነው» አሉ።

«አስተማሪዋም ልብ የላትም ብላለች» አለች እናቴ በሐዘን። «ዶክተር፣ ብትመታስ?»

«ኧረ እንዳይመታ! መደንገጥ ለልብ ጥሩ አይደለም።»

«ፀሐይ ላይ ብትቆምስ? ሰልፍ?»

«ጥላ ይፈለግለት።»

«አንድ ቦታ ብዙ ብትቀመጥስ?»

ድሬሰሩ ትንሽ አሰቡ። በሕይወታቸው እንዲህ የሚጠይቅ አስታማሚ የገጠማቸው አይመስለኝም። «እሱም ደም ያረጋል» አሉ በመጨረሻ፣ «በመሃል በመሃል ተነሥቶ ይንቀሳቀስ።»

«ሸክምስ?»

«ሸክም የሚባል ነገር አይነካም!»

ወሬው ከኛ በፊት ሰፈር ደረሰ። ብርቅነሽ «ልጅሽ ልብ የለውም» ቢሏት ክሊኒክ ወሰደችው ተብሎ በየሱቁ፣ በየለቅሶ ድንኳኑ ተሳቀ። ሐጂ ከማል ሚዛናቸውን ይዘው ሲስቁ እንባቸውን በፎጣ ጠረጉ። ድሬሰሩ የሐኪም ቃል ስለሰጡበት ግን ቀልዱ ቀልድ ሆኖ በሽታው በሽታ ሆነ። አባቴ ቅዳሜ መጣና ሰማ።  በሚቀጥለው ቅዳሜ ሙዝ ይዞለት መጣ፣ ቀበቶውንም ከዚያ ወዲያ ለሱሪው ብቻ ነው የተጠቀመበት። የጪጩው ነገር አልተነሣም። የልብ በሽተኛ ቡና አይሸከማ! ሳይሸከም የሚዋልበት ቦታ ደግሞ ትምህርት ቤት ብቻ ነበር።

መምህር ፈለቀም ተለወጡ። «ሕፃን እጄ ላይ ሊሞትብኝ ነበር» እያሉ ለባልደረቦቻቸው ሲናገሩ በጆሮዬ ሰምቻለሁ። ታረቀኝን በር አጠገብ አስቀመጡት። ልቡ ከከበደው ሳይጠይቅ ተነሥቶ ክፍሉን ዞሮ እንዲመለስ ፈቀዱለት፤ ልቡ ደግሞ ቶሎ ቶሎ ይከብደዋል። እንዳይደነግጥ ብለው ትእዛዝ ሲሰጡት አጠገቡ ሄደው፣ በቀስታ፣ አንድ ነገር ብቻ ነው የሚነግሩት። ከዋንዛው ዛፍ ላይ የተንጠለጠለችውን የመኪና ቸርኬ እየመታ የትምህርት ቤቱን ደወል የሚደውለውም እሱ ሆነ። ጨው መግዛት የማይችለው ልጅ ደወሉን አንድ ቀን አልረሳም። በሰልፍ ቀን ጥላ ሥር የውሃ ጠባቂ ነው፤ ቢራቢሮውን እዚያው ሆኖ ያያታል፣ አናርኪስት ያለውም የለም።

ምን ልበላችሁ፣ ልጁ መማር ጀመረ። ማንበብ ለመደ፤ እየተራመደ ነው የሚያነበው፣ ግን ያነባል። ከክፍሉ ጭራ ተነሥቶ መሃል ገባ። በተሳሳተ በሽታ ትክክለኛውን መድኃኒት አገኘ ማለት ነው። ይህ እንዴት እንደሚሆን የሚያስረዳኝ ሰው እስከ ዛሬ እፈልጋለሁ። በትክክለኛ በሽታ የተሳሳተ መድኃኒት ያገኙትንማ ብዙ አይቻለሁ።

ደስታችን ግን ብዙ አልቆየም። ክረምቱ ሊገባ ሲል ከአዲስ አበባ የመጡ ሐኪሞች የተማሪዎችን ጤና ሊያዩ ትምህርት ቤታችን ገቡ። የልብ በሽተኛ አለን ተባለና ታረቀኝ ቀረበ፣ እናቴም ከቤት፣ እኔም ከክፍሌ ተጠራን። አንዲት ወጣት ዶክተር ከፊት ከኋላ አዳመጠችው፣ አስተነፈሰችው፣ ደግማ አዳመጠችው።

«ይህ ልጅ ልቡ ምንም አልሆነም» አለች። «የልብ በሽተኛ ነው ያላችሁ ማን ነው?»

 መምህር ፈለቀ እናቴን አዩ፣ ከዚያ ታረቀኝን አዩ፣ ፊታቸው ቀስ እያለ ተቋጠረ። የሚያስቡት ታየኝ። ጤነኛ ከሆነማ በሩ አጠገብ ምን ያደርጋል? ቸርኬዋንስ ለምን ይመታል? አርጩሜዋ ልብ ግዛ ከጠመኔው ሳጥን ላይ አቧራ ጠጥታ ተጋድማለች፤ ከእሷ ቀጥሎ ሰኞ ይመጣል፣ ከሰኞ ቀጥሎ ጪጩ። ታረቀኝ እጄን ያዘኝ። ነገሩ ገብቶት ነበር።

እናቴ እልልታዋን አቀለጠችው።

«እልልል! ልጄ ልብ አገኘች!» አለችና ዶክተሯን ትታ መምህሩ ጉልበት ላይ ተደፋች። «ጋሼ ናት ያዳነቻት! ሐኪም ያላዳናትን ጋሼ አዳነቻት!»

መምህሩ ሊያነሷት ሲታገሉ ዶክተሯ ገርሟት ጠየቀች። «እርስዎ? ምን አድርገውለት ነው?»

መምህር ፈለቀ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። የኮታቸውን ቁልፍ ቆለፉ። «እንግዲህ... መምታት አቆምኩ» አሉ። «በር አጠገብ አስቀመጥኩት። በመሃል እየተነሣ እንዲንቀሳቀስ... ኃላፊነትም ሰጠሁት። አንድ አንድ ነገር ብቻ እየነገርኩ ነው የማስተምረው።»

«በጣም ጥሩ አድርገዋል» አለች። «ይቀጥሉበት።»

ከዚያ ወዲያ አገር ቢለምናቸው ልብ ግዛን አያነሡም። ጭራሽ የሌላውን ክፍል ቁንጥንጥ ሁሉ እየለመኑ ይወስዱ ጀመር፤ በሩ አጠገብ ከመጨናነቁ የተነሣ መግቢያ ጠፋ። ቸርኬዋ ተረኛ በዛባት።

ታረቀኝ የስድስተኛ ክፍል ሚኒስትሪ ያለፈ ዕለት ቤታችን በእንግዳ ሞላ። መምህር ፈለቀ በክብር መሃል ተቀመጡ፣ አባቴ እጃቸውን ይዞ አልለቅም አለ። እኔም በልማዴ ያችን ታሪክ አወራሁ፤ እናቴን እየተከተልኩ፣ እጄን ደረቴ ላይ አድርጌ፣ «ልቧ የላትም?» ስል ሰው ሁሉ በሳቅ ፈረሰ። ከሁሉም የበለጠ የሳቀችው እናቴ ናት። ስቃ ስቃ ወደ ጓዳ ገባች። ላግዛት ተከትያት ገባሁ፤ ጎመን ትከትፍ ጀመር።

«እማዬ፣ ግን የምርሽን፣ ያን ቀን ልብ የለውም ሲሉሽ ምን ማለታቸው መሰለሽ?» አልኳት፣ ሳቄ ገና ሳያልቅ።

ቢላዋዋን አላቆመችም። «አውቅ ነበር» አለች።

«ምን?»

«ምን ማለት እንደሆነ አውቅ ነበር። እኔም ትንሽ ሆኜ ጪጩ ትምህርት ቤት ገብቼ ነበር፤ ላንተ አልነገርኩህም?»

አልነገረችኝም። እኛ ልጆቿ የትምህርት ቤት ደጅ ረግጣ የምታውቅ አይመስለንም ነበር። 

«ፊደል ደስ ይለኝ ነበር» አለች። «መቀመጥ ነው እንቢ ያለኝ። ዓይኔ መስኮት ላይ፣ ሐሳቤ ሌላ ቦታ። አስተማሪው አባቴን አስጠራውና ይቺ ልጅ ልብ የላትም አለው። አባቴ ደግሞ አማርኛ አያውቅም። አብሮት የመጣውን ጎረቤታችንን፣ ምን አለኝ፣ ንገረኝ አለው። ከዚያ ወዲያ ደብተር አልያዝኩም።»

የተከተፈውን ጎመን ወደ ድስቱ ገፋችው። ከሳሎን አባቴ «ብርቅነሽ፣ ምን ሆነሽ ነው የቆየሽ?» ሲል ይሰማል።

«ሰውየው አማርኛ ጥሩ አድርጎ ያውቅ ነበር» አለች።